ኦላቭ፤ የስሙ ትርጉምና የስሙ ዕዳ

ስም የማያወጣ ሕዝብ በዓለም ላይ የለም። የስም አወጣጡ ሥርዓት ግን እንደየአገሩ ይለያያል። አንዳንዱ ሕዝብ ልጁን በተወለደበት ቀን ይሰይመዋል፤ አንዳንዱ ወላጆች በጊዜው ያገኙትን ደስታ ወይም ያዩትን መከራ በሕፃኑ ስም ውስጥ ያኖረዋል፤ አንዳንዱ ደግሞ የሞተውን ዘመድ ስም ወስዶ ለተወለደው ያወርሰዋል። በሰሜን አውሮፓ የሚኖሩት የስካንዲናቪያ ሕዝቦች፤ ማለት የኖርዌይ፣ የስዊድን፣ የዴንማርክና የአይስላንድ ሰዎች፤ በጥንት ዘመን አጥብቀው ይይዙት የነበረው ይህን በመጨረሻ የጠቀስነውን ልማድ ነው። ከስሞቻቸውም መካከል ይህን ልማድ በገዛ ትርጉሙ የሚያስረዳ አንድ ስም አለ፤ እርሱም «ኦላቭ» የሚባለው ነው።

ይህ ስም የገበሬውም የንጉሡም ልጅ ሲጠራበት ከሺሕ ዓመት በላይ ኖሯል። በ1905 ዓ.ም. ደግሞ ኖርዌይ ከስዊድን ተለይታ የራሷን ንጉሥ ባነገሠች ጊዜ፣ ሌላ ስም ይዞ ለመጣ የሁለት ዓመት ሕፃን ተሰጠ። የአንድ ሕፃን ስም የመንግሥት ጉዳይ እስከ መሆን የደረሰው በምን ምክንያት ነው? ይህን ለመረዳት ስሙን ከሥሩ መመርመር ያስፈልጋል። በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዘመኖች ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አንባቢ ልብ ይበል።

ቃሉ ከምን መጣ?

ከጥንት የስካንዲናቪያ ስሞች ብዙዎቹ፣ እንደ እኛው «ገብረ ማርያም» ወይም «ኃይለ ሚካኤል»፣ ከሁለት ቃል የተጋጠሙ ናቸው። ኦላቭም እንዲሁ ነው። የቋንቋ ሊቃውንት የስሙን ጥንታዊ መልክ «አኑላይባዝ» ብለው ይጽፉታል። «አኑ» አያት፣ ቅድመ አያት ማለት ነው፤ «ላይባዝ» ደግሞ የቀረ፣ የተረፈ፣ የተወረሰ ማለት ነው። ዛሬ እንግሊዞች «ትቶ ሄደ» ለማለት የሚጠቀሙበት «ሊቭ» የሚለው ግሥ ከዚሁ ሥር የበቀለ ነው። እንግዲህ ሁለቱ ቃላት ሲገጠሙ «ከአያቶች የቀረ» ወይም «የአያት ቅርስ» የሚል ትርጉም ይሰጣሉ።

ዘመን ሲረዝም በስሙ መካከል የነበረው የ«ን» ድምፅ በአፍንጫ እየተዋጠ ጠፋ፤ ስሙም «ኦላፍር»፣ በኋላም «ኦላቭ» ሆነ። የጠፋው ድምፅ በእርግጥ እንደ ነበረ የሚመሰክሩት ባዕዳን ናቸው። ቫይኪንግ የተባሉት የሰሜን ባሕረኞች እንግሊዝን በወጉበት ዘመን የእንግሊዝ ታሪክ ጸሓፊዎች የጠላታቸውን አለቃ ስም «አንላፍ» ብለው መዝግበዋል። በአየርላንድ የነበሩት ጸሓፊዎችም «አምላይብ» ብለው ጽፈውታል። ባለቤቶቹ ከአፋቸው የጣሉትን ድምፅ የተወረሩት ሕዝቦች በብራና ላይ አቆዩላቸው።

ሙታንና ስማቸው

በዚያን ዘመን የሞተ ዘመድ ስም ለሕፃን መስጠት ለሟቹ መታሰቢያ ከመሆኑ በላይ ሌላ ተስፋ ነበረበት። የሟቹ ዕድልና ብርታት ከስሙ ጋር ወደ ሕፃኑ ይሻገራል ተብሎ ይታመን ነበር። ይህን እምነት የሚያሳይ አንድ ታሪክ በጥንታውያን የአይስላንድ መጻሕፍት ተጽፎ ይገኛል። ነገሩ በኋላ ቅዱስ ኦላቭ ስለተባለው ስለ ኖርዌይ ንጉሥ ስለ ኦላቭ ሃራልድሶን ነው።

ከእርሱ አስቀድሞ በአረማዊነት ዘመን የሞተ፣ ጌይርስታድ በሚባል ስፍራ የተቀበረ ሌላ ኦላቭ የሚባል ንጉሥ ነበር። ሕዝቡም አዲሱ ኦላቭ ያ የቀድሞው ኦላቭ ዳግመኛ ተወልዶ ነው ይል ነበር። አንድ ቀን ንጉሡ በመቃብሩ ጉብታ አጠገብ በፈረስ ሲያልፍ ከተከታዮቹ አንዱ፣ እዚህ የተቀበረው እርሱ ራሱ እንደ ሆነ መወራቱ እውነት መሆኑን ጠየቀው። ንጉሡ ክርስቲያን ነበረና ነፍሱ ሁለት ሥጋ ለብሳ እንደማታውቅ ተቈጥቶ መለሰለት፤ ከዚያም ፈረሱን ኰልኩሎ ከስፍራው ራቀ ይባላል። የአያቱን ስም ይዞ መኖር አላሳፈረውም። ነገር ግን በስሙ ምክንያት ሌላ ሰው ነህ መባልን አልወደደም።

ይኸው ንጉሥ ልጅ በተወለደለት ጊዜ የተፈጸመው ደግሞ ከዚህ ይበልጥ የሚያስገርም ነው። ሕፃኑ በሌሊት ተወለደ፤ ደካማ ነበርና ነፍሱ እስኪነጋ አትቈይም ተብሎ ተሠጋ። ካህኑ ቶሎ ሊያጠምቀው ፈለገ። ንጉሡ ተኝቶ ስለ ነበር ግን ሊቀሰቅሰው የደፈረ አልተገኘም። በዚህ ጊዜ ሲግቫት የተባለው ባለቅኔ ኃላፊነቱን በራሱ ላይ ወስዶ ሕፃኑን «ማግኑስ» ብሎ አስጠመቀው። በነጋታው ንጉሡ በብርቱ ተቈጣ፤ ያለ ፈቃዱ ማስጠመቁ ሳያንስ ከዘራቸው ውስጥ ጨርሶ የማይታወቅ ስም እንዴት እንደ ሰጠው ጠየቀ። ሲግቫትም ሕፃኑን የሰየመው በታላቁ የፍራንኮች ንጉሠ ነገሥት በሻርለማኝ ስም እንደ ሆነ፣ በዓለም ላይ ከነበሩት ሰዎችም ከእርሱ የሚበልጥ እንደማያውቅ መለሰ። የሻርለማኝ ስም በላቲን «ካሮሉስ ማግኑስ» ነውና ባለቅኔው ከስሙ የወሰደው «ታላቁ» የሚለውን ቅጽል ነበር። ንጉሡም ምክንያቱን ሲሰማ ቍጣው በረደ። ያ ደካማ ሕፃን አድጎ ከ1035 እስከ 1047 በኖርዌይ ነገሠና «ማግኑስ ደጉ» ተባለ። ከዘር ውጭ የመጣው ስም እርሱ በመልካም ስለያዘው የዘሩ ስም ሆነ፤ ከዚያ ወዲህ የኖርዌይ ነገሥታት ደጋግመው ተጠርተውበታል።

ስሙ ባሕር ሲሻገር

ኦላቭ የሚለው ስም በሰሜን አገሮች ሁሉ ሊሰራጭ የቻለው በዚሁ በማግኑስ አባት ምክንያት ነው። ንጉሥ ኦላቭ በ1015 ነግሦ ኖርዌይን በአንድ ዘውድና በአንድ ሃይማኖት ለማሰባሰብ ብርቱ እጅ ስላነሣ ብዙ ጠላት አፈራ፤ በ1028ም የእንግሊዝና የዴንማርክ ንጉሥ የክኑት ኃይል ስለበረታበት ወደ ሩስያ ምድር ተሰደደ። ከሁለት ዓመት በኋላ ተመልሶ በሐምሌ 29 ቀን 1030 በስቲክለስታድ ከገዛ አገሩ ሰዎች ጋር ሲዋጋ ሞተ። ነገር ግን ዓመት ሳይሞላው፣ በሕይወቱ ያልወደዱት ሰዎች ቅዱስ ነው እያሉ ይሳለሙት ጀመር። አስከሬኑ ያረፈበት፣ ዛሬ ትሮንድሃይም የሚባለው የኒዳሮስ ከተማ የሰሜን አውሮፓ ታላቅ የመሳለሚያ ስፍራ ሆነ። ዕለቱ ዛሬም በኖርዌይ «ኦልሶክ» ተብሎ ይታሰባል።

ከዚህ በኋላ ስሙን ያልወሰደ የሰሜን አገር የለም ማለት ይቻላል። ዴንማርኮች «ኦሉፍ»፣ ስዊድኖች «ኦሎፍ»፣ አይስላንዶች «ኦላፉር»፣ ፊንላንዶች «ኦላቪ» ይሉታል። በ1986 በሰው እጅ የተገደሉት የስዊድን ጠቅላይ ሚኒስትር ኦሎፍ ፓልሜ የተጠሩት በዚሁ ስም ነው። በፊንላንድ በ1475 የተመሠረተው ትልቅ ምሽግ፣ በኢስቶኒያ ዋና ከተማ በታሊን የሚታየው ረዥም ግንብ ያለው ቤተ ክርስቲያን፣ በለንደንም ከተማ የሚገኝ ቤተ ክርስቲያን በስሙ ይጠራሉ። በአገሩ ደግሞ ሲያቈላምጡት «ኦላ» ወይም «ኦሌ» ይሉታል። ኖርዌዮች ተራውን ያገራቸውን ሰው በአንድ ስም ለመጥራት ሲፈልጉ «ኦላ ኖርድማን» ማለታቸው የቅዱሱ ንጉሥ ስም ምን ያህል የሕዝብ ስም እንደ ሆነ ያስረዳል።

በዚህ ረገድ የአገራችን አንባቢ በቶሎ የሚገባው አንድ ነገር አለ። የስካንዲናቪያ ሰዎች እንደ እኛ በራሳቸውና በአባታቸው ስም ይጠሩ ነበር። የኦላ ልጅ «ኦልሰን» ይባላል፤ የኦልሰን ልጅ ግን ኦልሰን አይባልም፤ የአባቱን የመጀመሪያ ስም ይይዛል። ኖርዌይ በ1923 ባወጣችው ሕግ ቤተሰብ ሁሉ ከአባት ወደ ልጅ የሚተላለፍ አንድ የቤተሰብ ስም እንዲይዝ ስለ አዘዘች ልማዱ ቀረ። የዚያን ጊዜ ኦልሰን የነበረው ሁሉ ስሙ እንደ ቆመ ቀርቶ እነሆ የልጅ ልጆቹ አባታቸው ኦላ ሳይባል ኦልሰን ይባላሉ። አይስላንድ ግን የጥንቱን ሥርዓት እስከ ዛሬ ጠብቃለች። ከ1996 እስከ 2016 ፕሬዚዳንት የነበሩት ኦላፉር ራግናር ግሪምሶን የግሪሙር ልጅ ማለት ናቸው፤ «ግሪምሶን» የአባታቸው እንጂ የቤተሰባቸው ስም አይደለም።

የ1905 ዓ.ም. ውሳኔ

አሁን ወደ ተነሣንበት ጥያቄ እንመለስ። ኦላቭ 4ኛ በ1387 ገና በ16 ዓመቱ ያለ ልጅ ሲሞት የጥንቱ የኖርዌይ ነገሥታት የዘር ሐረግ ተቋረጠ። ሕዝቡ ሞቱን ለማመን ስለ ተቸገረ፣ ከ15 ዓመት በኋላ ኦላቭ ነኝ የሚል አንድ አታላይ ተነሥቶ እንደ ነበርና በ1402 በሞት እንደ ተቀጣ ይታወቃል። ኖርዌይም ከዚያ ወዲህ ከዴንማርክ ጋር እስከ 1814፣ ቀጥሎም ከስዊድን ጋር እስከ 1905 ድረስ በሌላ አገር ንጉሥ ሥር ኖረች።

በሰኔ 7 ቀን 1905 የኖርዌይ ምክር ቤት ከስዊድን ጋር የነበረውን አንድነት አፈረሰ። ለዘውዱም የዴንማርኩን ልዑል ካርልን መረጠ። ልዑሉ ግን ሕዝቡ ካልጠየቃቸው ዘውዱን እንደማይቀበሉ አስታወቁ። በኅዳር ወር በተደረገው የሕዝብ ድምፅ 259,563 ሰዎች ሲደግፉ 69,264 ተቃወሙ። ልዑል ካርልም ጥሪውን ሲቀበሉ ስማቸውን ለውጠው «ሆኮን 7ኛ» ተባሉ። በእንግሊዝ አገር በ1903 የተወለደው ልጃቸው አሌክሳንደር ደግሞ «ኦላቭ» ተባለ።

ሁለቱም ስሞች የተመረጡት በዘፈቀደ አልነበረም። ከመጨረሻዎቹ የአገሩ ነገሥታት አባትየው ሆኮን 6ኛ፣ ልጅየው ኦላቭ 4ኛ ነበሩ። «ሰባተኛ» የሚለው ቍጥር ራሱ በመካከል ያለፈውን ከ500 ዓመት በላይ የሆነ ዘመን እንዳልነበረ አድርጎ ቈጠራውን ቀጠለ። የእኛም ደጃዝማች ካሣ በ1855 ሲነግሡ «ዳግማዊ» ቴዎድሮስ መባላቸው በ15ኛው መቶ ዘመን የነበረውን የመጀመሪያውን ቴዎድሮስ አስቈጥሮ ነበርና፣ የስመ መንግሥት ኃይል ለኢትዮጵያዊ አንባቢ እንግዳ አይሆንም።

ይሁን እንጂ አንድ ከባድ ጥያቄ ነበረ። ከዴንማርካዊ አባትና ከእንግሊዛዊት እናት በባዕድ ምድር የተወለደ ሕፃን «የአያት ቅርስ» የሚል ስም ስለ ተሰጠው ብቻ የኖርዌይ ልጅ ይሆናልን? በወረቀት ላይ መሰየም ለምክር ቤት ቀላል ነው። ሕዝብ ስሙን ከልቡ የሚቀበለው ግን የባለ ስሙን ሥራ አይቶ ነው።

ስሙ የተፈተነበት ቀን

ፈተናው የመጣው ሕፃኑ የ36 ዓመት ሰው ከሆነ በኋላ ነው። በሚያዝያ 9 ቀን 1940 የናዚ ጀርመን ጦር ኖርዌይን ወረረ። ጀርመኖች ክዊስሊንግ የተባለውን የራሳቸውን ሰው ጠቅላይ ሚኒስትር አድርገው እንዲሾሙላቸው ንጉሥ ሆኮንን ጠየቁ። ንጉሡ በማግሥቱ ለሚኒስትሮቻቸው፣ መንግሥት ይህን ከተቀበለ እርሳቸው ከዘውዱ እንደሚወርዱ በግልጽ ነገሯቸው፤ መንግሥትም እምቢታውን መረጠ። አልጋ ወራሽ ኦላቭ በመሸሽና በመዋጋቱ ወራት ከአባታቸው ጐን አልተለዩም። ጦሩ ተሸንፎ ንጉሡና መንግሥቱ በሰኔ 7 ቀን 1940 ከትሮምሶ ወደብ ወደ እንግሊዝ አገር ሲሻገሩ፣ አልጋ ወራሹ ከሕዝቡ ጋር በአገር ውስጥ ለመቅረት ፈቃደኛ መሆናቸውን ገልጸው ነበር።

በአምስቱ የስደት ዓመታት የኖርዌይ ወጣቶች በየግድግዳውና በበረዶው ላይ ሳይቀር የንጉሡን ስም ምልክት፣ የ«ኤች» ፊደልንና የ7 ቍጥርን፣ ይጽፉ ነበር። በ1905 ከታሪክ መጽሐፍ የተወሰደው ስመ መንግሥት በ1940 የአርበኞች ምልክት ሆነ። አልጋ ወራሹም በ1944 የጦር ኃይሉ ዋና አዛዥ ተደርገው ተሾሙ፤ በግንቦት 13 ቀን 1945 ከአባታቸው ቀድመው ነጻ ወደ ወጣችው አገራቸው ገቡ።

በ1957 አባታቸው ሲሞቱ ኦላቭ 5ኛ ተብለው ነገሡ። በ1973 የነዳጅ ችግር ተነሥቶ በሳምንቱ መጨረሻ መኪና መንዳት በተከለከለ ጊዜ፣ ንጉሡ የበረዶ መንሸራተቻቸውን ይዘው እንደ ማንኛውም ሰው በከተማው ባቡር ተሳፈሩ፤ የቲኬት ዋጋ ለመክፈል እጃቸውን ሲዘረጉ የተነሣው ፎቶግራፍ ዛሬም ይታወቃል። በጥር 17 ቀን 1991 ሲሞቱ ሕዝቡ በቤተ መንግሥቱ አደባባይ በበረዶው ላይ ሻማ አብርቶ አለቀሰ። ልጃቸው ሃራልድ 5ኛ፣ በ1937 ሲወለዱ፣ ከ1370 ወዲህ ማለት ከኦላቭ 4ኛ በኋላ በኖርዌይ ምድር የተወለዱ የመጀመሪያው ልዑል ነበሩ። በ1973 የተወለዱት የሃራልድ ልጅም ሆኮን ማግኑስ ተባሉ። ባለቅኔው በሌሊት ያወጣው ስም፣ በ1905 ከተመለሰው ስም ጋር በአንድ ሰው ላይ ተገናኘ።

አገራችን «ስምን መልአክ ያወጣዋል» ትላለች። የኦላቭ ታሪክ ይህን ተረት አይቃወምም፤ አንድ ነገር ግን ይጨምርበታል። ስሙን የሚያወጣው አባትም ይሁን ባለቅኔ ወይም ምክር ቤት፣ ባለ ስሙ በኋላ የሚሠራው ሥራ ነው ስሙን የሚያጸናው ወይም የሚያጠፋው። እኛም ከየወላጆቻችን የተቀበልነውን ስም በየመሥሪያ ቤቱና በየትምህርት ቤቱ መዝገብ ላይ በየቀኑ እንጽፋለን። ከአባታችን ስም ጋር አያይዘን የምንጽፈው ስለ ሆነ፣ መልካም ብንሠራም ብንበድልም የሚጠራው የእኛ ስም ብቻ አለመሆኑን ማሰብ ይገባናል።