ደብዳቤዋ ደግ ነበር
አሚሊያ ዳየር እንግሊዛዊት ነርስ ነበረች። ሕፃናት ተቀብላ እንደምታሳድግ በጋዜጣ ታስነግር ነበር። በማርች 1896 እ.ኤ.አ. ኤቨሊና ማርሞን የተባለች የመጠጥ ቤት አስተናጋጅ፣ ያለ ጋብቻ የወለደቻትን ዶሪስን ሰጠቻት። እናት በየሳምንቱ ልክፈል ብትል፣ ዳየር 10 ፓውንድ በአንድ ጊዜ ካልሆነ አለች። ዶሪስ በዚያው ዕለት በነጭ ጥብጣብ ታንቃ ሞተች።

ከቴምዝ ወንዝ የወጣ የሌላ ሕፃን አስከሬን የተጠቀለለበት ወረቀት አድራሻ ነበረው፤ ፖሊስን ወደ ዳየር መራው። ጁን 10 ቀን ተሰቀለች።

እኔን እንቅልፍ የነሳኝ የደብዳቤዎቿ ለዛ ነው፤ ልጅ የምትወድ የገጠር እመቤት የጻፈቻቸው ይመስላሉ። ኤቨሊና ልጇን ያስረከበችው ቤቱን ሳታይ ነው። ችግር አጣድፏት ነበርና አልፈርድባትም። እኛ ግን ልጅ ለሰው ስንሰጥ መልካም ቃል ብቻ አይብቃን። ደጁን እንርገጥ፣ ጎረቤት እንጠይቅ፣ ሳንነግራቸውም ብቅ እንበል።