ከመንግሥት ውል የቀረ ገንዘብ በፍርድ ቤት ስለሚጠየቅበት ሥርዓት

የእርሻ ሥራ ጊዜን ይሻል። በሰኔ ያልደረሰ ዘር በመስከረም ቢመጣ ለገበሬው አይረባውም። ስለዚህ መንግሥት ዘርና ማዳበሪያ ሲያስፈልገው፥ ጎተራም ሲያሠራ ከነጋዴና ከሥራ ተቋራጭ ጋር ይዋዋላል። ነጋዴውም ገንዘቡን አውጥቶ፥ አንዳንዱም ተበድሮ ዕቃውን ያስረክባል። ዕቃው ገብቶ ዋጋው ሳይከፈል ዓመት ያለፈ እንደ ሆነ ግን ነጋዴው ይከስራል፤ በሚመጣውም ዓመት የሚጫረተው ሰው መዘግየቱን አስቦ ዋጋውን ከፍ ያደርጋል። እንግዲህ ገንዘቡ በምን መንገድ እንደሚጠየቅ ማወቅ ለከሳሹም ለሹሙም የሚጠቅም ነው።

ይህን ነገር የሚገዛው በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ነው። በአንቀጽ 1724 መንግሥትን የሚያስገድድ ውል በጽሑፍ ሆኖ በፍርድ ቤት ወይም ውል ለማዋዋል ሥልጣን ባለው ሰው ፊት መመዝገብ እንዳለበት ተጽፏል። ስለ አስተዳደር ውሎች በሚናገረው ክፍልም፥ ተዋዋዩ መንግሥት አልከፈለኝም ብሎ ብቻ ሥራውን ሊያቆም አይችልም፤ ሊያቆም የሚችለው ያለ ክፍያው ሥራውን መፈጸም የማይቻል የሆነ እንደ ሆነ ነው። ሥራውን እንዳያቋርጥ ሕግ ያሰረው ሰው መብቱን የሚያስከብርበት በር ፍርድ ቤት ነውና፥ በሩ እንዳይጠብበት ያስፈልጋል።

ገንዘብ የቀረበት ሰው አስቀድሞ በጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ይስጥ፤ የሰጠበትንም ቀን የሚያስረዳ ፊርማ ወይም ማኅተም ይያዝ። ይህ ቀን ታላቅ ነገር ነው፤ በሕጉ አንቀጽ 1803 ወለድ የሚቆጠረው ከማስጠንቀቂያው ቀን ጀምሮ ነውና። መጠኑም በአንቀጽ 1751 እንደ ተወሰነው በዓመት ከመቶ 9 ነው። ለምሳሌ 400,000 ብር የቀረበት ነጋዴ ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ 3 ዓመት ቢቆይ፥ ወለዱ በየዓመቱ 36,000፥ በ3 ዓመት 108,000 ብር ይሆናል። ይህም ገንዘብ ሌላ ዘር ይገዛ የነበረ የሕዝብ ገንዘብ ነው።

ክሱ ከፌዴራል መንግሥት መሥሪያ ቤት ጋር እንደ ሆነ ለፌዴራል ፍርድ ቤት፥ ከክልል ወይም ከወረዳ መሥሪያ ቤት ጋር እንደ ሆነ ለክልሉ ፍርድ ቤት ይቀርባል። ከክሱም ጋር ውሉ፥ የርክክቡ ደረሰኝና ማስጠንቀቂያው ይያያዛሉ። ገንዘቡ በጽሑፍ ውል ቁርጥ ሆኖ የታወቀ ከሆነ፥ በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ በአንቀጽ 284 አጭር የሙግት ሥርዓት ፈቅዷል። በዚህ ሥርዓት ተከሳሹ የሚከራከርበትን ምክንያት በመሐላ አስረድቶ ፈቃድ ካላገኘ በቀር መከራከር አይችልም።

ከሳሹም አይተኛ። በአንቀጽ 1845 በጠቅላላው የውል መብት በ10 ዓመት በይርጋ ይቀራል፤ ዓመቱም የሚቆጠረው ገንዘቡ ሊከፈል ከሚገባበት ቀን ነው። መሥሪያ ቤቱ ዕዳውን ያመነ ወይም ባለገንዘቡ ክስ ያቀረበ እንደ ሆነ ግን ይርጋው ይቋረጣል። ስለዚህ በቃል «ቆይ፥ ይከፈልሃል» ለሚል ተስፋ ዓመት ከመፍጀት ዕዳውን የሚያምን ደብዳቤ መቀበል ይሻላል። በቃል ያለ ይረሳል፥ በጽሑፍ ያለ ይወረሳል ይባላልና።

ሹሙም እንዲህ ያድርግ። የመጣው ዘር የነቀዘ ወይም የጎደለ እንደ ሆነ በርክክቡ ዕለት በቃለ ጉባኤ ያስጽፍ፤ ለነጋዴውም ያስታውቅ። ጉድለት ከሌለ ደረሰኙን ሳያዘገይ ፈርሞ የክፍያውን ወረቀት ለሒሳብ ክፍል ይላክ። ገንዘቡ ከበጀት ያልደረሰ እንደ ሆነ ዝም አይበል፤ ምክንያቱንና ዕዳውን በደብዳቤ ይግለጽ። ከሹመቱ ሲነሣም የውሎቹን መዝገብ ለተተኪው በቍጥር ያስረክብ። ሰው ቢለወጥም ዕዳው የመሥሪያ ቤቱ ነውና፥ «ይህ በእኔ ጊዜ የተደረገ አይደለም» የሚል መልስ በዳኛ ፊት አያቆምም።