ብራናው በሐይቅ፥ ፎቶግራፉ በኪስዎ

አንባቢ ሆይ፥ ከዛሬ ስድሳ ዓመት በፊት አንድ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ በሐይቅ እስጢፋኖስ ገዳም የሚገኘውን የአባ ኢየሱስ ሞዐን ወንጌል ለማየት ቢመኝ ምን ያህል ይደክም እንደ ነበር እስቲ ያስቡት። በመጀመሪያ ከዩኒቨርሲቲው ደብዳቤ ያጽፋል፤ ያንን ይዞ ወደ ቤተ ክህነት ይሄድና ሌላ ደብዳቤ ይቀበላል። በአውቶቡስ ተጕዞ ደሴ ያድራል፤ በማግሥቱ ከሐይቅ ዳር ይደርሳል። ከገዳሙ ሲገባ ደግሞ አበምኔቱ ወደ ሌላ ስፍራ ሄደዋል፥ የዕቃ ቤቱም ቍልፍ ከርሳቸው ጋራ ነው ይባላል። ሁሉ ነገር ቀንቶት መጽሐፉ ቢወጣለት እንኳ አንድ ሰዓት ያህል ገልጦ አይቶ፥ በደብተሩ ጥቂት ቃል ገልብጦ ይመለሳል። ተማሪዋ ሴት ከሆነች ግን ነገሩ ገና ከበሩ ያልቃል፤ ገዳሙ የወንዶች ነውና።

ዛሬ የዚያ ወንጌል ፎቶግራፍ በእጅዎ በያዙት ስልክ ላይ ይገለጣል። ይህን ያየ ብዙ ሰው፥ «እንግዲህ ኢንተርኔት ከመጣ ቤተ መጻሕፍት ምን ያደርጋል? የመጻሕፍት ቤት ሠራተኛስ ምን ሥራ ቀረው?» ሲል ይሰማል። እኔም አስቀድሞ እንደዚያ ይመስለኝ ነበር። የዚህ መጽሐፍ ፎቶግራፍ ከገዳሙ ተነሥቶ ከኪሴ እስኪደርስ ያደረገውን ጕዞ ከተከታተልሁ ወዲህ ግን ሐሳቤን ለውጫለሁ። እርስዎም እንዲፈርዱ ጕዞውን ልንገርዎ።

ነገሩ የሚጀምረው ከአገራችን ብዙ ርቆ ነው። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ፥ በ1944፥ (ዓመቱን ሁሉ በፈረንጆች አቈጣጠር መጻፌን ልብ ይበሉልኝ) በኢጣልያ የሚገኘው የሞንቴ ካሲኖ ገዳም በአውሮፕላን ቦምብ ፈረሰ። መጻሕፍቱ አስቀድመው ወደ ሌላ ስፍራ ተወስደው ስለ ነበር ለጥቂት ተረፉ። ዳሩ ግን በዚህ የተነሣ፥ በአሜሪካ በሚኒሶታ ክፍለ ሀገር ኮሌጅቪል በሚባል ስፍራ የቅዱስ ዮሐንስ ዩኒቨርሲቲን የመሠረቱ መነኮሳት ብዙ አሰቡ። ሌላ ጦርነት ቢነሣ የገዳማት መጻሕፍት ምን ይሆናሉ? ስለዚህ በ1965 አባ ኦሊቨር ካፕስነር የሚባሉ መነኵሴያቸው በኦስትሪያ ገዳማት እየዞሩ የብራና መጻሕፍትን በማይክሮፊልም ማንሣት ጀመሩ። ማይክሮፊልም ማለት እንደ ሲኒማ ፊልም የተጠቀለለ ሆኖ፥ አንድን ትልቅ መጽሐፍ ከመጀመሪያው ገጽ እስከ መጨረሻው በመዳፍ በሚያዝ ጥቅል ላይ የሚያሰፍር ነው።

በ1973፥ በአቡነ ቴዎፍሎስ ዘመነ ፕትርክና፥ ቤተ ክርስቲያናችን፥ ይኸው የኮሌጅቪል ቤተ መጻሕፍትና በቴኔሲ የሚገኘው የቫንደርቢልት ዩኒቨርሲቲ ተስማምተው ያው ሥራ በአዲስ አበባ ተጀመረ። መጻሕፍት ፎቶግራፍ ይነሣሉ፤ ከዚያ ወደየባለቤታቸው ይመለሳሉ፤ ከፊልሙ ግልባጭ ወደ ኮሌጅቪል ይላካል። ሥራው በተጀመረ በዓመቱ አብዮት ፈነዳ። የሚያስደንቀው ይህ ነው፤ መንግሥት ተለውጦ፥ ሰው በሰው ላይ ተነሥቶ ሳለ የፎቶግራፉ ሥራ አልቆመም። እስከ 1990ዎቹ ዓመታት ድረስ ቀጥሎ ከ9,000 በላይ የብራና መጻሕፍት በፊልም ላይ ሰፈሩ። የሐይቁ ወንጌል በዚህ መዝገብ ቍጥሩ 1832 ነው።

አሁን ወደ ዋናው ሰው እንምጣ። ፕሮፌሰር ጌታቸው ኃይሌ የተወለዱት በ1931 ሲሆን በካይሮና በጀርመን አገር ተምረው በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ያስተምሩ ነበር። በ1975 የደርግ ወታደሮች ሊይዙአቸው ከቤታቸው መጡ፤ በተኵሱም ቈስለው እግራቸው ሽባ ሆነ። ለሕክምና ከአገር ከወጡ በኋላ በ1976 ኮሌጅቪል ገቡ። እሳቸው ከአገራቸው ተለይተው ሄዱ፥ የአገራቸው መጻሕፍት ግን ተከትለዋቸው መጡ። ከአዲስ አበባ የተላከው ፊልም በሣጥን እየሆነ ሲደርስ፥ በተሽከርካሪ ወንበራቸው ላይ ተቀምጠው በማንበቢያው መኪና ብርሃን አንድ በአንድ ያነቡት ጀመር።

ንባቡ እንዲያው ንባብ እንዳይመስልዎ። ፊልሙ ሲደርስ በላዩ ያለው ቍጥርና የባለቤቱ ስም ነው። በውስጡ ምን እንዳለ የሚያውቀው ያነበበው ሰው ብቻ ነው። መዝጋቢው ስንት ቅጠል እንዳለው ይቈጥራል፤ የፊደሉን አጣጣል አይቶ በየትኛው ዘመን እንደ ተጻፈ ይገምታል፤ የጸሐፊውንና የአጻፈውን ስም ይፈልጋል። «ድርሳን» ተብሎ የተላከው መጽሐፍ በውስጡ ሦስት ወይም አራት ልዩ ልዩ ድርሰት ሊኖረው ይችላል። ፊልሙ ጥቍርና ነጭ ስለ ሆነ፥ ጸሐፊው በቀይ ቀለም የጻፋቸው የቅዱሳን ስሞችና አርእስት ገርጥተው ይታያሉ፤ እነርሱንም ዐይን እየጎዱ ማንበብ ነው።

ከሁሉ ይልቅ ደግሞ ኅዳጉ አለ። አንባቢ ሆይ፥ በመሥሪያ ቤት የሚያገለግሉ እንደሆነ ይህን በተለይ ይስሙ። የቀድሞ አባቶቻችን የመዝገብ ቤት አልነበራቸውም ሲባል ይሰማል፤ ስሕተት ነው። መዝገብ ቤታቸው የወንጌሉ ባዶ ቅጠልና ኅዳግ ነበር። ንጉሡ ለደብሩ የሰጠው ርስት፥ የመሬት ሽያጭ፥ የውርስ ክርክር፥ የዋሱና የምስክሩ ስም ከወንጌሉ ላይ ይጻፋል፤ በወንጌል ላይ የተጻፈውን ማንም አይደፍረውምና። በሐይቁ ወንጌል ውስጥ መጽሐፉ በ1280 ወይም በ1281 ለገዳሙ መሰጠቱ ተጽፎአል፤ የገዳሙ መጻሕፍት ዝርዝርም አብሮ ይገኛል። እንግዲህ የመጻሕፍት ዝርዝር ማዘጋጀት ከፈረንጅ የተማርነው ሥራ ነው የሚል ቢኖር ይህን ማሳየት ነው።

ይህ ሁሉ ካልተጻፈ ፎቶግራፉ ምን ይረባል? ስሙ ያልተጻፈ መጽሐፍ በኮሌጅቪል በብረት ሣጥን ቢቀመጥ፥ በተራራ ላይ ባለ ደብር ቢቀመጥ ለተማሪው ያው ጠፍቶ ያለ ነው። ዊልያም ማኮምበር የተባሉት ሊቅና ፕሮፌሰር ጌታቸው ይህን የመሰለ ዝርዝር ከ1975 እስከ 1993 ድረስ በ10 ቅጽ አሳተሙ። የመጀመሪያዎቹን ሦስት ቅጾች ማኮምበር ሠሩ፤ ከዚያ ወዲያ ሸክሙ ይበልጡን የፕሮፌሰር ጌታቸው ሆነ። ለዚህም ዕውቀታቸው በ1988 የማክአርተር ሽልማት ተሰጣቸው። 10ኛው ቅጽ ሲታተም የደረሰው ግን እስከ ቍጥር 5,000 ነበር። ከዚያ በላይ ያሉት ከ4,000 የሚበልጡ መጻሕፍት ፎቶግራፋቸው ተነሥቶ ሳለ የታተመ ዝርዝር ሳይኖራቸው ቀሩ። ይህን የሐሳብ ልክ ለመስጠት ያህል፥ አንድ ሰው በቀን አንድ መጽሐፍ ቢጨርስ፥ አንድ ቀን ሳያርፍ ከ11 ዓመት በላይ ይፈጅበታል።

አሁን ዲጂታል የሚባለው ነገር መጣ። የኮሌጅቪሉ ቤተ መጻሕፍት ከ2003 ጀምሮ ፊልሙን ትቶ በዲጂታል ካሜራ ማንሣት ጀመረ፤ መጀመሪያውም በሊባኖስ ነበር። የጥንቱን ፊልም ደግሞ በመኪና እያሳለፈ ወደ ዲጂታል ለወጠው። ከ2015 ወዲህ በኢንተርኔት በከፈተው የንባብ ክፍል ስሙን ያስመዘገበ ሁሉ ያለ ዋጋ ሊያነብ ይችላል። ዝርዝር ያልነበራቸውም መጻሕፍት ቀስ በቀስ በዚያው ላይ እየተገለጹ መጥተዋል። መኪናው ሥዕሉን በአንድ ቅጽበት ከዓለም ዳር እስከ ዳር ያደርሳል፤ «ይህ ተአምረ ማርያም ነው፥ ይህ ደግሞ የርስት ውል ነው» ብሎ የጻፈው ግን ግዕዝ የተማረ ሰው ነው። ብልሃቱ ተለወጠ እንጂ ድካሙ አልቀረም።

እንዲያውም አዲስ ድካም ጨመረ። ኮምፒዩተር ፊደል አያውቅም፥ የሚያውቀው ቍጥር ብቻ ነው። ለዓለም ቋንቋዎች ሁሉ በወጣው ዩኒኮድ በተባለው የጋራ መዝገብ ውስጥ የኛ ፊደል የገባው በ1999 ነው። በዚያ መሠረት «ሀ» 4608፥ «ሐ» 4624፥ «ኀ» ደግሞ 4736 ናቸው። እርስዎና እኔ ሦስቱን በአንድ ድምፅ እናነባቸዋለን፤ ለመኪናው ግን በሦስት አገር እንደሚኖሩ እንግዶች ናቸው። ስለዚህ «ሥላሴ» ተብሎ የተመዘገበውን መጽሐፍ «ስላሴ» ብለው ቢፈልጉት፥ መኪናው አስቀድሞ ካልተማረ በቀር የለም ይልዎታል። ተማሪውም አምኖ ይሄዳል። በልጅነታችን የኔታ «እሳቱን ሰ ከንጉሡ ሠ አታምታታ» እያሉ ሲቈጡን የተንገበገብነው ሁሉ ዛሬ በዚህ መልክ ተመልሶ መጣ።

ከ1999 በፊት የነበረውማ የባሰ ነው። እያንዳንዱ የአማርኛ መጻፊያ ፕሮግራም ፊደሉን በየራሱ ቍጥር ያስቀምጥ ነበር። እኔ ራሴ በአንድ መሥሪያ ቤት ሳለሁ ያዘጋጀሁትን ዘገባ ከጥቂት ዓመት በኋላ በአዲስ ኮምፒዩተር ብከፍተው፥ ከመጀመሪያው መስመር እስከ መጨረሻው የላቲን ፊደልና የጥያቄ ምልክት ሆኖ ጠበቀኝ። ፕሮግራሙ የለም፤ ያወቀውም ሰው ሥራ ለቆአል። በእጅ የተጻፈው ረቂቅ ግን ከመሳቢያዬ ውስጥ ቢጫ ሆኖ በደኅና ተገኘ። ሰባት መቶ ዓመት የቈየ ብራና ሲነበብ፥ ዐሥር ዓመት ያልሞላው ጽሑፍ መጥፋቱን ያን ቀን አየሁ።

የስማችንም ነገር አለ። እኛ ሰውን የምንጠራው በራሱ ስም ነው፤ የፈረንጅ መዝገብ ግን በመጨረሻው ስም ይፈልጋል። ጠንቃቃ ቤተ መጻሕፍት «ጌታቸው ኃይሌ» ብሎ ይመዘግባል፤ ሌላው «ኃይሌ፥ ጌታቸው» ብሎ አባትየውን ደራሲ ያደርጋል። በላቲን ፊደል ሲጻፍማ አንዱ ስም አራት አምስት ዓይነት ይሆናል። ስለዚህ የኢትዮጵያ ተወላጅ ድርሰት በውጭ አገር መዝገብ ሲፈልጉ ስሙን ገልብጠውም ይሞክሩት።

ዩኒቨርሲቲዎችም በዚህ ረገድ ዝም አላሉም። በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ በ1990 የኢንፎርሜሽን ጥናት ትምህርት ቤት ተከፍቶ፥ ይህን ዕውቀት ከቤተ መጻሕፍት ሥራ ጋራ የሚያጣምሩ ሰዎች ሠልጥነዋል። የምሩቃን ጽሑፎችም በኤሌክትሮኒክ ማኅደር ይቀመጣሉ። በ2002 የዓለም ጤና ድርጅት ከታላላቅ አሳታሚዎች ጋራ ተስማምቶ ሂናሪ የተባለውን አሠራር ስላቆመ፥ ዋጋቸው የማይቀመስ የሕክምና መጽሔቶች ገንዘብ ለሌላቸው አገሮች ትምህርት ቤቶች በነጻ ወይም በትንሽ ዋጋ ተከፍተዋል። በጀርመን የሃምቡርግ ዩኒቨርሲቲም ከ2009 እስከ 2015 በሰሜን ኢትዮጵያ ብዙ የብራና መጻሕፍትን በዲጂታል ካሜራ አንሥቶአል። በ2020 በትግራይ ጦርነት ሲነሣ፥ ከአብያተ ክርስቲያናት መጻሕፍት ተዘረፉ፥ ተቃጠሉ የሚል ወሬ ሲሰማ፥ የዚያ ፎቶግራፍ ጥቅም ምን እንደ ሆነ ማስረዳት አላስፈለገም።

ነገር ግን ዲጂታሉም ጠላት አለው። በ1868 ከመቅደላ ከተወሰዱት መጻሕፍት 350 ያህሉ ዛሬ የሚገኙት በለንደን በብሪቲሽ ላይብረሪ ነው። ቤተ መጻሕፍቱ ከነዚህ አንዳንዶቹን በዲጂታል አንሥቶ ማንም እንዲያያቸው በኢንተርኔት አውጥቶ ነበር። በጥቅምት ወር 2023 ራይሲዳ የተባሉ የኮምፒዩተር ዘራፊዎች በውስጥ ገብተው መኪናዎቹን ቈለፉና ገንዘብ ጠየቁ። ቤተ መጻሕፍቱ አልከፍልም አለ። የመጻሕፍቱ ዝርዝር እንኳ በከፊል የተመለሰው በጥር 2024 ነው፤ የብራናዎቹ ፎቶግራፎችም ለብዙ ጊዜ ጠፍተው ቈዩ። ብራናዎቹ በዚያ ሁሉ ጊዜ ከመደርደሪያቸው አልተነቃነቁም። ለንደን ድረስ መሄድ የማይችል ተማሪ ግን ከሥራው ተስተጓጐለ።

የኮሌጅቪል ሰዎች ፊልሙን ወደ ዲጂታል ከለወጡ በኋላ ፊልሙን አልጣሉትም፤ ዲጂታሉንም ከአንድ ቦታ በላይ ያስቀምጡታል። ኮምፒዩተሩ ቢበላሽ፥ ፕሮግራሙ ቢያረጅ፥ ፊልሙን ለማንበብ ብርሃንና ማጕያ መነጽር ይበቃልና።

ፕሮፌሰር ጌታቸው በሰኔ ወር 2021 በ90 ዓመታቸው ዐረፉ። እርስዎ ዛሬ ማታ ጥቂት ጊዜ ቢያገኙ በኮሌጅቪል የንባብ ክፍል ስምዎን አስመዝግበው ቍጥር 1832ን ይጠይቁ። ከወንጌሉ አስቀድሞ ባሉት ቅጠሎች ላይ የአባ ኢየሱስ ሞዐ ሥዕል አለ። በፊልሙ ላይ ቀለሙ አይታይም፤ ቀለሙን ለማየት የፈለገ አሁንም ወደ ሐይቅ መሄድ ሊኖርበት ነው፤ የዕቃ ቤቱም ቍልፍ በማን እጅ እንዳለ አስቀድሞ ቢጠይቅ ይሻለዋል።