«ማድማት» ወይስ «አየር ማውጣት»? ስለ ፍሬን ሙያዊ ቃላት አተረጓጐም

መግቢያ

ከአዲስ አበባ ወደ አሶሳ የሚወስደው የምዕራቡ መንገድ አምቦን፣ ነቀምቴን፣ ጊምቢን፣ ነጆን፣ መንዲንና ባምባሲን እያለፈ ከ600 ኪሎ ሜትር በላይ ይዘልቃል። ከነቀምቴ ባሻገር መንገዱ ወደ ዴዴሳ ሸለቆ ይወርዳል። ጭነት ይዞ እንዲህ ያለውን ቁልቁለት የሚወርድ ሾፌር ሕይወቱን የሚያሳድረው በአንዲት ቀጭን ቧንቧ ውስጥ ባለ ፈሳሽ ላይ ነው። በፈሳሹ ውስጥ አየር ከገባበት ፔዳሉ እስከ ወለሉ ይሰምጣል፤ ፍሬኑም አይይዝም።

ይህን አየር የማውጣት ሥራ የመካኒኩ ነው። ሆኖም መካኒኩ ዛሬ ሙያውን የሚቀስመው ከአለቃው እጅ ብቻ ሳይሆን ከውጭ ቋንቋ ከተተረጐመ የጥገና መመሪያም ጭምር ስለሆነ፣ ነገሩ ተርጓሚውንና የመዝገበ ቃላት አዘጋጁን ይመለከታል። በዚህ ጽሑፍ የምንመረምረው ጸረ መንሸራተት ሥርዓት ባለው መኪና ላይ ከሚፈጸመው ከዚህ ሥራ ጋር የተያያዙትን ጥቂት ቃላት ነው። ዓላማችንም የተሳሳተ ስያሜ የተሳሳተ ሥራ እንደሚወልድ ማሳየትና ለእያንዳንዱ ጽንሰ ሐሳብ ተስማሚ የምንለውን ስያሜ ለውይይት ማቅረብ ነው።

የነገሩ አሠራር

ስያሜ ከመስጠት በፊት ነገሩን ማወቅ ይቀድማል። ሾፌሩ ፔዳሉን ሲረግጥ ዋናው የፍሬን ፓምፕ ፈሳሹን ይገፋዋል፤ ግፊቱም በቧንቧዎቹ አማካይነት ወደ አራቱ ጎማዎች ይደርስና የፍሬን ሸራውን ከዲስኩ ወይም ከታምቡሩ ጋር ያጣብቀዋል። ይህ ሁሉ የሚሆነው ፈሳሽ በቀላሉ የማይታመቅ በመሆኑ ነው። አየር ግን ይታመቃል። ስለዚህ አየር የያዘ ፍሬን የሾፌሩን ጉልበት ለጎማው ከማድረስ ይልቅ አየሩን በማመቅ ያባክነዋል።

ቧንቧ ሲቀየር፣ ፓምፕ ሲፈታ፣ ወይም የፈሳሹ ማጠራቀሚያ ሲጎድል አየር ይገባል። ከዚህም በላይ ፈሳሹ በጊዜ ብዛት ከከባቢው እርጥበት ይስባል። ዶት 3 የሚባለው ፈሳሽ አዲስ ሳለ የመፍያ ነጥቡ ከ205 ዲግሪ ሴንቲግሬድ አያንስም፤ እርጥበት ከሳበ በኋላ ግን ተቀባይነት ያለው ዝቅተኛ መጠን 140 ዲግሪ ነው። በረጅም ቁልቁለት ፍሬኑ ሲግል ይህ እርጥብ ፈሳሽ ይፈላል፤ እንፋሎቱም እንደ አየር ስለሚታመቅ ፔዳሉ ባዶ ይሆናል።

ጸረ መንሸራተት ሥርዓቱ በዚህ ላይ የተጨመረ ነው። የቦሽ ኩባንያ በኤሌክትሮኒክ የሚሠራውን ዓይነት እ.ኤ.አ. በ1978 በመርሰዲስ ቤንዝ የኤስ መደብ መኪና ላይ ለገበያ ካበቃው ወዲህ ወደ አብዛኛዎቹ መኪናዎች ተዳርሷል። በየጎማው ያለ ሴንሰር የመሽከርከሩን ፍጥነት ይለካል። አንዱ ጎማ ቀጥ ብሎ ሊቆም ሲል የመቆጣጠሪያው ኮምፒውተር በቧንቧው መንገድ ላይ የተቀመጠውን ክፍል ያዝዛል፤ ይህም ክፍል ቫልቮችን እየከፈተና እየዘጋ የዚያን ጎማ ግፊት ይቀንሳል፣ ይይዛል፣ መልሶም ይጨምራል። ጎማው መሽከርከሩን ስለማያቆም ሾፌሩ መሪውን እንደፈለገ ለማዞር ይችላል።

ለጽሑፋችን ዋናው ነጥብ ይህ ነው። ከእነዚህ ቫልቮች ከፊሎቹ በተለመደው ጊዜ ዝግ ናቸው። ማጠራቀሚያው ደርቆ ወይም ክፍሉ ራሱ ተፈትቶ አየር ከእነርሱ ወዲያ ከገባ፣ ፔዳል በመርገጥ ብቻ አይወጣም። በብዙ መኪናዎች ላይ ጋራዦች «ስካነር» የሚሉት መመርመሪያ ተሰክቶ ቫልቮቹ እንዲከፈቱና የክፍሉ ፓምፕ እንዲሠራ መታዘዝ አለበት። ክፍሉ ካልተነካና ማጠራቀሚያው ካልደረቀ ግን በአብዛኛው የተለመደው አሠራር ይበቃል። እንግዲህ በመመሪያው ላይ የሚጻፈው ቃል እነዚህን ሁለት ሥራዎች መለየት ይኖርበታል።

የቀረቡት አማራጮች ሲመዘኑ

እንግሊዝኛው ይህን ሥራ የሚጠራበት ግስ ከደም የተወሰደ ነው። ቃሉን በቀጥታ የሚገለብጥ ተርጓሚ «ፍሬኑን ማድማት» ይላል። ለዚህ አተረጓጐም መከራከሪያ አይጠፋም፤ የእኛም አገር ሰው ዋግምትን ያውቃል፣ መጥፎው እንዲወጣ ደም ማፍሰስም እንግዳ ነገር አይደለም ሊባል ይችላል። ነገር ግን በዋግምት እንዲወጣ የሚፈለገው ደሙ ራሱ ነው። በፍሬን ግን እንዲወጣ የሚፈለገው አየሩ ነው፤ ፈሳሹ የሚፈሰው አየሩን ይዞ እንዲወጣ ብቻ ነው። «ማድማት» የሚለው ስያሜ ስለ አየር አንዳች አይናገርም። በርባታውም ችግር አለበት፤ ትእዛዙ «አድማ» ስለሚሆን ከሥራ ማቆም አድማ ጋር በጽሕፈት አንድ ይሆናል።

ሁለተኛው «ማፍሰስ» ነው። ይህ ከሁሉም አደገኛው ይመስለናል። «የፍሬኑን ፈሳሽ አፍስስ» የተባለ ሠራተኛ ፈሳሹን እስከ መጨረሻው ጠብታ ቢያፈስስ ትእዛዙን ፈጸመ እንጂ አላጠፋም። ማጠራቀሚያው በደረቀ ጊዜ ግን አየር በዋናው ፓምፕ በኩል ወደ ውስጥ ይገባና ጸረ መንሸራተት ክፍሉ ድረስ ሊዘልቅ ይችላል። አየር ሊያወጣ የተነሣ ሰው አየር አስገብቶ ይመለሳል ማለት ነው።

ሦስተኛው፣ ፈረንሳይኛውን የተከተለው «ማጥራት» ወይም «ማጽዳት» ነው፤ የኢጣሊያንኛውም «ስፑርጎ» ከዚሁ ሐሳብ አይርቅም። የአማርኛ ተናጋሪ ግን «ፍሬኑን አጽዳ» ሲባል ጨርቅ ያነሣል፤ ዲስኩን ይጠርጋል።

አራተኛው «ማስተንፈስ» ነው። ይህ በእርግጥ ስለ አየር ይናገራል። ዳሩ ግን «ጎማው ተነፈሰ» የሚለው አነጋገር በሰፊው ስለ ገነነ፣ ከጎማ አጠገብ የሚሠራ ሰው «አስተንፍስ» ቢባል እጁ ወደ ጎማው መንፊያ እንዳይሄድ ያሠጋል። በዚያም ላይ የጎማ መተንፈስ ጉድለት ሲሆን የፍሬኑ ጥገና ነው፤ አንድን ቃል ለጉድለትም ለጥገናም ማዋል በሙያዊ ቃላት አሰያየም አይመከርም።

አምስተኛው «አየር ማውጣት» ነው። ጀርመንኛው በዚሁ መንገድ ሄዶ ምሳሌውን ትቶ ሥራውን ሰይሟል፤ ቃሉ በቀጥታ አየርን ማስወገድ ማለት ነው። አማርኛም «ጭስ ማውጫ» የሚል የቆየ አርአያ አለው። በዚያው አካሄድ አየሩ የሚወጣባትን ትንሽ ቡሎን «አየር ማውጫ» ብንላት ስሟ ሥራዋን ይናገራል፤ ማንም ሰው ብያኔ ሳይጠይቅ ይረዳታል። እኛም ይህን መርጠናል።

ስለ ሥርዓቱ ስም

የሥርዓቱ የእንግሊዝኛ ስም በውስጡ «መቆለፍ» የሚል ሐሳብ ስላለው «ጸረ-ቁልፍ ፍሬን» የሚል አተረጓጐም ሊመጣ ይችላል። ይህን የሰማ ሁሉ መኪናውን ከሌባ የሚጠብቅ መሣሪያ ይመስለዋል። ጎማው «ድርቅ አለ» ከሚለው አነጋገር ተነሥተን «ጸረ-ድርቀት» ብንል ደግሞ ሐኪም ያዘዘው መድኃኒት ይሆናል። «ጸረ መንሸራተት» የሚለው፣ በዚህ ጽሑፍ መግቢያ ላይ ለጊዜው የተጠቀምንበት፣ የተሻለ ይመስላል፤ ነገር ግን በጭቃ ላይ ሞተሩ የሚያሽከረክረው ጎማ እንዳይንሸራተት የሚያደርግ ሌላ ሥርዓት ስላለ ከእርሱ ጋር ይጋጫል።

«ቶሎ የሚያቆም ፍሬን» የሚል ብያኔም ትክክል አይደለም። በጠጠርና በልቅ አፈር መንገድ ላይ ይህ ሥርዓት የማቆሚያውን ርቀት ሊያስረዝም ይችላል፤ ዋና ጥቅሙ መሪው እንዳይከዳ መጠበቁ ነው።

እዚህ ላይ ለሰፊው ልማድ መገዛት ይሻላል እንላለን። በመኪናው የሾፌር ሰሌዳ ላይ የምትበራው መብራት በላቲን ፊደል «ኤቢኤስ» የሚሉትን ሦስት ሆሄያት ታሳያለች። መካኒኩ በመመሪያው የሚያነበውና በሰሌዳው የሚያየው ስም አንድ ቢሆን ይጠቀማል። ስለዚህ «ኤቢኤስ» በግእዝ ፊደል ተጽፎ እንዲገባ፣ ብያኔው ግን በአማርኛ ምሉዕ እንዲሆን እንመክራለን። የተውሶ ቃል ነውር አይደለም። ጎማ፣ ካንዴላ፣ ማርሚታ፣ ቸርኬና ፍሪሲዮን ከኢጣሊያንኛ መጥተው የአማርኛ ቤተኛ ሆነዋል። «ፍሬን» ራሱ ከኢጣሊያንኛው «ፍሬኖ» ወይም ከፈረንሳይኛው አቻው የመጣ ሲሆን የላቲን ሥሩ ልጓም ማለት ነው። ይህ ግን ዛሬ ፍሬንን «ልጓም» ለማለት ምክንያት አይሆነንም።

ስለ «ፍሬን ዘይት»

ልማድ ሁሉ ግን አይወደስም። «ፍሬን ዘይት» የሚለው አጠራር በመላ አገሪቱ ተሰራጭቷል፤ ፈሳሹ ግን በአብዛኛው ከግላይኮል ተዋጽኦዎች የተሠራ እንጂ እንደ ሞተር ዘይት ከነዳጅ የተጣራ አይደለም። ስሙን አምኖ የሞተር ዘይት የሚጨምር ሰው የፍሬኑን ጎማዎች፣ ማለትም ፈሳሹ እንዳያመልጥ የሚይዙትን ቀለበቶች፣ ያሳብጣቸዋል፤ ሥርዓቱም ይበላሻል። «ፍሬን ዘይት» የሚለውን ከሰው አፍ ለመንጠቅ አይቻልም። በመመሪያ ጽሑፍ ግን «የፍሬን ፈሳሽ» እንዲባል፣ መዝገበ ቃላቱም የልማዱን ቃል አስገብቶ ወደዚህ እንዲመራ እናሳስባለን።

ጉዳዩ በቤንሻንጉል ጉሙዝ

ከላይ የተነሣው ሁሉ ለአማርኛ አፍ መፍቻ ተናጋሪ የሚጠቅም ሲሆን አሶሳ ላይ ግን ይበልጥ ይከብዳል። የቤንሻንጉል ጉሙዝ ክልል የሥራ ቋንቋ አማርኛ ነው፤ የነዋሪው የቤት ቋንቋ ግን በርታ፣ ጉሙዝ፣ ሺናሻ፣ ማኦ፣ ኮሞ፣ ኦሮምኛ ወይም አማርኛ ሊሆን ይችላል። ከኩርሙክ ማዶ ያለው የሱዳን ዓረብኛ ደግሞ ፍሬንን «ፈራሚል» ይለዋል። እንግዲህ በአሶሳ ጋራዥ መመሪያ የሚያነብ ወጣት አማርኛውን ሁለተኛ ወይም ሦስተኛ ቋንቋው አድርጎ የሚያነብ ሊሆን ይችላል።

ምሳሌያዊ አነጋገር በአፍ መፍቻ ቋንቋ እንኳ አልፎ አልፎ ያደናግራል። ከእንግሊዝኛ ወደ አማርኛ፣ ከአማርኛም ወደ አንባቢው የቤት ቋንቋ ሁለት ጊዜ የተሻገረ ምሳሌ ግን ትርጉሙን መንገድ ላይ ይጥለዋል። «አድማ» የተባለው ወጣት ቁስል ያስባል፤ «አየሩን አውጣ» የተባለው ግን በየትኛውም ቋንቋ ቢያስብ የሚያስበው ያንኑ አየር ነው። ይህን መመሪያ ወደ በርታ ወይም ወደ ጉሙዝ ቋንቋ የሚመልስ ተርጓሚም ሥራው ይቀልለታል፤ የሚተረጉመው ምሳሌ ሳይሆን ድርጊት ነውና።

የቀረቡ ስያሜዎችና ብያኔዎች

አየር ማውጣት፦ (የግስ ሐረግ) በፍሬን ፈሳሽ ውስጥ የገባን አየር ማጠራቀሚያው ሳይጎድል በአየር ማውጫው በኩል ማስወገድ። በፔዳል ሲሆን «በፔዳል አየር ማውጣት»፣ የኤቢኤስ ቫልቮች በመመርመሪያ ታዝዘው ሲሆን «በመመርመሪያ አየር ማውጣት» ይባላል።

አየር ማውጫ፦ (ስም) በእያንዳንዱ ጎማ ፍሬን ላይ ያለች፣ ስትላላ ፈሳሽና አየር የምታስወጣ ቀዳዳ ያላት ቡሎን።

ኤቢኤስ፦ (ስም) ፍሬን ሲያዝ ጎማ ቀጥ ብሎ እንዳይቆምና መሪ እንዳይከዳ የእያንዳንዱን ጎማ የፍሬን ግፊት የሚመጥን ሥርዓት።

ግፊት መጣኝ፦ (ስም) በኤቢኤስ ውስጥ ቫልቮችንና ፓምፕን የያዘ፣ ግፊትን የሚቀንስ፣ የሚይዝና የሚጨምር ክፍል።

የፍሬን ፈሳሽ፦ (ስም) የፔዳሉን ግፊት ወደ ጎማዎች የሚያደርስ ፈሳሽ፤ በልማድ «ፍሬን ዘይት»። የሞተር ዘይት አይተካውም።

ስያሜ የሚፈተነው በዓረፍተ ነገር ውስጥ ስለሆነ ከዚህ በታች ያለውን አጭር መመሪያ ለናሙና አቅርበናል።

«ማጠራቀሚያውን አምራቹ ባዘዘው የፍሬን ፈሳሽ ሙላ፤ እስከ ሥራው ፍጻሜ ከዝቅተኛው ምልክት በታች እንዲወርድ አትፍቀድ። ከየትኛው ጎማ እንደሚጀመር ከመኪናው መመሪያ አንብብ፤ ቅደም ተከተሉ ለሁሉም መኪና አንድ አይደለምና። በአየር ማውጫው ላይ ግልጽ የፕላስቲክ ቱቦ ሰካ፤ ጫፉን ፈሳሽ ባለበት ዕቃ ውስጥ ንከር። ረዳትህ ፔዳሉን ረግጦ ይያዝ፤ አየር ማውጫውን አላላ፤ ረዳትህ እግሩን ሳያነሣ መልሰህ አጥብቅ። አረፋ መውጣቱ እስኪያቆም ድገም። የወጣውን ፈሳሽ መልሰህ አትጠቀምበት። ግፊት መጣኙ ተፈትቶ ከነበረ ወይም ማጠራቀሚያው ደርቆ ከነበረ፣ አምራቹ በሚያዝዘው መሠረት በመመርመሪያ አየር አውጣ። ፔዳሉ ጠንካራ ካልሆነ ወይም የኤቢኤስ መብራት ካልጠፋ መኪናውን ለመንገድ አታስረክብ።»

ማጠቃለያ

የኢትዮጵያ ቋንቋዎች አካዳሚ በ1989 ዓ.ም. የሳይንስና ቴክኖሎጂ መዝገበ ቃላት ማሳተሙ ይታወሳል። እንዲህ ያለው ሥራ ከቤተ ሙከራና ከመማሪያ ክፍል ወደ ጋራዥ ደጃፍ መውረድ እንዳለበት እናምናለን። ከላይ ካየነው የምናገኘው ትምህርት አንድ ነው። ቃሉ ለሠራተኛ ትእዛዝ የሚሆን ከሆነ ተርጓሚው «የውጭው ቃል ምን ይላል?» ከማለቱ በፊት «ይህን ያነበበ ሰው እጁ ወዴት ይሄዳል?» ብሎ ይጠይቅ። እጁ ወደ ትክክለኛዋ ቡሎን ከሄደ ስያሜው ተሳክቷል፤ ወደ ጨርቅ፣ ወደ ጎማው መንፊያ ወይም ወደ ሞተር ዘይት ቆርቆሮ ከሄደ ግን የስህተቱን ዋጋ የሚከፍለው ተርጓሚው ሳይሆን በዴዴሳ ቁልቁለት ላይ ያለው መንገደኛ ነው። በቀረቡት ስያሜዎች ላይ የባለሙያዎችን በተለይም በክልሉ የሚሠሩ መካኒኮችንና ተርጓሚዎችን አስተያየት በአክብሮት እንጠብቃለን።