ከፎቆች ሥር ያለው መንገድ የማን ነው?
በቶሮንቶ የምድር ውስጥ መተላለፊያ ከአስጎብኚ ጋር

ካናዳ ውስጥ ዘመድ ያለው ቤተሰብ በታኅሣሥና በጥር ወር ስልክ ሲደወልለት ከሰላምታው ቀጥሎ የሚሰማው የብርዱን ወሬ ነው። በቶሮንቶ ከተማ በእነዚህ ወራት ውኃ ኩሬው ላይ ይረጋል፤ አንዳንድ ቀንም ቅዝቃዜው ከዜሮ በታች 20 ዲግሪ ይደርሳል። ይህ ሁሉ ሆኖ በመሐል ከተማው የሚሠራ የቢሮ ሠራተኛ ካፖርቱን ወንበሩ ላይ ጥሎ፣ በሸሚዙ ብቻ ወርዶ፣ ምሳውን በልቶ፣ መድኃኒቱን ገዝቶ፣ የተቀደደ ጫማውን አሰፍቶ፣ አንዲት እርምጃ በረዶ ሳይረግጥ ወደ ሥራው መመለስ ይችላል። ምስጢሩ ያለው ከመሬት በታች ነው።

ይህ የምድር ውስጥ መተላለፊያ «ፓዝ» ይባላል፤ ትርጉሙም መንገድ ማለት ነው። ርዝመቱ ከ30 ኪሎ ሜትር በላይ ነው። በሰዓት 5 ኪሎ ሜትር የሚራመድ ሰው ሁሉንም ልዳርስ ቢል ስድስት ሰዓት አይበቃውም። ከ75 የሚበልጡ ሕንፃዎችን፣ በርካታ የምድር ውስጥ ባቡር ጣቢያዎችን፣ ሆቴሎችንና የገበያ አዳራሾችን እርስ በርስ ያገናኛል። በውስጡ 1,200 ያህል ሱቆችና የአገልግሎት መስጫዎች ተሰድረውበታል። የጊነስ የድንቃድንቅ መዝገብም ሱቆቹ ያረፉበትን 371,600 ካሬ ሜትር ቆጥሮ፣ ከምድር በታች ካሉ የገበያ ሥፍራዎች ሁሉ ትልቁ ብሎ መዝግቦታል።

የአገሩን ሰርዶ በአገሩ በሬ

ውድ አንባብያን፣ እንዲህ ያለ ቦታ ለእንግዳ ሰው ቀላል አይደለም። ከምድር በታች ፀሐይ የለም፤ ተራራ የለም፤ «ከዚያ ረጅም ፎቅ አጠገብ» ተብሎ የሚጠቆም ምልክት የለም። ስለዚህ አበው የአገሩን ሰርዶ በአገሩ በሬ እንዳሉት፣ መንገዱን ከሚያውቅ አስጎብኚ ጋር በእግር ለመጓዝ ወሰንን።

በቡድናችን ውስጥ ከደሴ ለጥየቃ የመጡ አንድ አባትና እዚያው ከተማ የምትኖር ልጃቸው ነበሩበት። እህታችን የምትኖረው ከመሐል ከተማው በስተምሥራቅ፣ የኢትዮጵያውያን ምግብ ቤቶችና ሱቆች በሚገኙበት በዳንፎርዝ ጎዳና አካባቢ ነው። ለዓመታት በዚህ መተላለፊያ ተመላልሳለች። ሆኖም የምታውቀው ከባቡር ጣቢያው እስከ መሥሪያ ቤቷ ያለችውን አንዲት መስመር ብቻ ነበር። ከዚያች ወጣ ብላ የማታውቅበትን ምክንያት ስንጠይቃት «መጥፋት ፈርቼ» አለችን። አስጎብኛችን ይህን ሲሰማ ፈገግ አለ፤ የከተማው ተወላጆችም እንዲሁ እንደሚፈሩ ነገረን።

በሱቅ ጀምሮ በባቡር የዳበረ

ነገሩ የተጀመረው በአንድ ነጋዴ ቤት ነው። ከአየርላንድ የመጣው ቲሞቲ ኢተን በ1869 እ.ኤ.አ. ያቋቋመው መደብር እየሰፋ ሄዶ፣ በ1900 እ.ኤ.አ. ዋናውን ሱቅና ቅናሽ ዕቃ የሚሸጥበትን ሌላ ሕንፃ ከመንገድ በታች በዋሻ አገናኘ። ደንበኛው ዝናብና በረዶ ሳያግደው ከአንዱ ወደ ሌላው እንዲሻገር ታስቦ ነው። በ1917 እ.ኤ.አ. እንዲህ ያሉት ዋሻዎች አምስት ደርሰው ነበር። ዩኒየን የተባለው ታላቅ የባቡር ጣቢያ በ1927 እ.ኤ.አ. ከተመረቀ በኋላ ደግሞ ከፊት ለፊቱ ካለው ከሮያል ዮርክ ሆቴል ጋር በምድር ውስጥ ተያያዘ።

ትልቁ ለውጥ የመጣው ግን ሰማይ ጠቀስ ፎቆች መነሣት ሲጀምሩ ነው። በ1960ዎቹ የከተማው የፕላን ኃላፊ የነበሩት ማቲው ላውሰን ሁለት ነገር አሳሰባቸው። አንደኛው፣ የእግረኛ መንገዱ ከፎቆቹ የሚወጣውን ሕዝብ መሸከም አለመቻሉ ነው። ሁለተኛው፣ ለፎቆቹ ቦታ ሲባል ትናንሽ ሱቆች ከጎዳናው መጥፋታቸው ነው። በመሆኑም ባለ ሕንፃዎቹ በምድር ቤታቸው ሱቅ እንዲሠሩና ወደፊት ከጎረቤታቸው ጋር እንዲገናኙ አግባቡ። በ1970ዎቹ ሪችመንድ አደሌድ የተባለው ማዕከልና ሸራተን ሆቴል በዋሻ ሲያያዙ፣ ተበታትኖ የነበረው ቁርጥራጭ እንደ መረብ መተሳሰር ጀመረ።

ወለሉን እዩ

ጉዟችንን የጀመርነው ከዩኒየን ጣቢያ ነው። ከዚያ በሮያል ባንክ ሕንፃ ሥር አለፍን። የዚህ ሕንፃ መስተዋቶች ሙቀትን እንዲመልሱ በስሱ ወርቅ የተለበጡ ናቸው። ከላይ ለሚያየው ያብረቀርቃል፤ ከታች ለሚያልፈው ግን የሚታየው የሳንድዊች ሱቅና የሚጣደፍ ሰው ነው። ቀጥሎ ወደ ቶሮንቶ ዶሚኒየን ማዕከል ገባን። የመጀመሪያው ፎቁ በ1967 እ.ኤ.አ. የተጠናቀቀውን ይህን ማዕከል የነደፈው ዝነኛው አርክቴክት ሚስ ቫን ደር ሮህ ነው። በምድር ቤቱ ያሉት ሱቆች እንኳ የስም ጽሑፋቸው አንድ ዓይነት እንዲሆን በማዘዙ፣ ነጭ ፊደል በጥቁር መደብ ላይ ተደርድሮ ይታያል።

እዚህ ላይ አስጎብኛችን ቆም ብሎ አንድ ቁም ነገር አስተማረን። ምልክት ስታጡ ወለሉን እዩ አለን። በእርግጥም ግራጫ የነበረው ድንጋይ በድንገት ወደ ቡናማ እብነ በረድ ይለወጣል፤ ትንሽ ቆይቶ ሌላ ቀለም ይተካል፤ የጣሪያው መብራትም አብሮ ይቀየራል። የወለሉ ቀለም ተለወጠ ማለት ባለቤቱ ተለወጠ ማለት ነው።

ከደሴ የመጡት አባት በከዘራቸው ድንጋዩን መታ መታ አድርገው፣ «ታዲያ ይህ ሁሉ መንገድ የማን ነው?» ሲሉ ጠየቁ። ልጃቸው ጥያቄውን ተርጉማ አቀረበችው።

መልሱ የብዙዎቻችንን ግምት የሚያፈርስ ነው። ፓዝ እንደ ጎዳና የመንግሥት መንገድ አይደለም። እያንዳንዱ ቁራጭ ከላዩ የቆመው ሕንፃ ባለቤት ንብረት ነው። ባለቤቶቹም 35 ያህል ድርጅቶች ናቸው። የከተማው ምክር ቤት በ1987 እ.ኤ.አ. የማስተባበሩን ሥራ ተረከበ፤ በቀጣዩ ዓመት ደግሞ አንድ ወጥ የመንገድ ምልክት እንዲነደፍ ተደረገ። በዚያ ንድፍ አራቱ የስሙ ፊደላት አራቱን አቅጣጫዎች እንዲያመለክቱ ተደርጓል፤ ቀዩ «ፒ» ደቡብን፣ ብርቱካናማው «ኤ» ምዕራብን፣ ሰማያዊው «ቲ» ሰሜንን፣ ቢጫው «ኤች» ምሥራቅን ያሳያል። ሆኖም ምልክቱን አንድ ማድረግ ባለቤቱን አንድ ማድረግ አይደለም። የመክፈቻና የመዝጊያ ሰዓቱም፣ የጥበቃው ደንብም፣ ጥገናውም እንደ ሕንፃው ይለያያል።

ደረጃውና በሩ

ይህ የባለቤትነት ጉዳይ የወረቀት ጉዳይ ብቻ መስሎ ሊታይ ይችላል። ጥቂት እንደተራመድን ግን ትርጉሙ በእግራችን ላይ መጣ። ከአንዱ ሕንፃ ወደ ሌላው ስንሻገር ስድስት ሰባት እርከን ያለው ደረጃ ገጠመን። ሕንፃዎቹ በተለያየ ዘመን በተለያየ ጥልቀት ስለተሠሩ ምድር ቤታቸው እኩል አይገጥምም። ለወጣት ይህ ምንም ነው። ባለ ከዘራው አባት ግን ቆሙ። የሕፃን ጋሪ የምትገፋ አንዲት እናትም አብራ ቆመች። አሳንሰሩ ዘወር ብሎ ስለሚገኝ፣ እኛ በአንድ ደቂቃ የተሻገርነውን እነርሱ ረጅም ዙር ሄደው ተቀላቀሉን። ጋሪውን ለሁለት ይዘን እናሻግር ያሉ ወጣቶች በመካከላችን ነበሩ፤ በተሽከርካሪ ወንበር የሚሄድን ሰው ግን እንዲህ ማሻገር አይቻልም።

ሌላም ነገር አየን። በአንድ ጥግ ላይ ቦርሳውን ተንተርሶ የተቀመጠ፣ ልብሱ ያረጀ ሰው ነበር። የጥበቃ ሠራተኛ ቀርቦ በትሕትና አነጋገረው፤ ሰውየውም ምንም ሳይመልስ ቦርሳውን አንሥቶ ወደ መውጫው ደረጃ ሄደ። ከላይ በረዶ እየጣለ ነበር። ጎዳና ላይ ቢሆን ኖሮ ማንም ተነሥ ባላለው ነበር፤ ጎዳና ግን አያሞቅም። ሞቃቱ ቦታ የግል ነው፤ የሕዝብ የሆነው ቦታ ቀዝቃዛ ነው። እህታችን የሰውየውን ጀርባ እያየች፣ ይህን በየቀኑ ታየው እንደነበርና ዓይኗ እንደለመደው በዝግታ ነገረችን። አባቷ ግን መልመድ አልቻሉም፤ ለረጅም ጊዜ ዝም ብለው ተጓዙ።

ስድሳዎቹ ዝይዎች

ከሸራተን ወደ ምሥራቅ ዞረን በ1977 እ.ኤ.አ. ወደተከፈተው ኢተን ሴንተር ደረስን። የኢተን መደብር ራሱ በ1999 እ.ኤ.አ. ከስሮ ቢዘጋም ስሙ በአዳራሹ ላይ ቀርቷል። በመስተዋት ጣሪያው ሥር ክንፋቸውን የዘረጉ 60 ዝይዎች ተንጠልጥለዋል። ሠዓሊው ማይክል ስኖው በ1979 እ.ኤ.አ. የሠራቸው ናቸው። በ1981 እ.ኤ.አ. የአዳራሹ ባለቤቶች ለበዓል ማድመቂያ ብለው በዝይዎቹ አንገት ላይ ቀይ ሪባን አሰሩ። ሠዓሊው ሥራዬን አበላሹት ብሎ ከሰሰ። በ1982 እ.ኤ.አ. ፍርድ ቤቱ ሪባኑ እንዲፈታ ወሰነ፤ የገዛ ሁሉ በገዛው ላይ እንዳሻው ማድረግ እንደማይችልም በዚህ ታወቀ። አስጎብኛችን ይህን ታሪክ ለልጆች ብሎ ቢያጫውተንም፣ ለአባትየው ጥያቄ ግማሽ መልስ የሰጠ መሰለን።

መንገድ ሰውን ሲያጣ

ከ2020 እ.ኤ.አ. በፊት በሥራ ቀን ከ200,000 በላይ ሰዎች በፓዝ ይመላለሱ ነበር። በዚያ ዓመት የኮቪድ ወረርሽኝ ቢሮዎቹን ሲዘጋ መተላለፊያው ጭር አለ። በምሳ ሰዓት ሽያጭ ይኖሩ የነበሩ ብዙ ትናንሽ ሱቆችም ተዘጉ። ባለ ሱቁ ኪራዩን ይከፍል የነበረው ከላይ ባሉት ፎቆች በሚሠራው ሕዝብ ነበርና፣ ሕዝቡ ቤቱ ሆኖ መሥራት ሲጀምር ገበያው ከሥሩ ተናጋ። ከዚያ ወዲህ ሕይወት ቢመለስም በሳምንቱ መካከል ያለው ግርግርና በሰኞና በዓርብ ያለው እኩል አይደለም። የአንድ ዓይነት ሰው ብቻ የሚያልፍበት መንገድ፣ ያ ሰው የቀረ ዕለት ባዶ ይሆናል።

ለመሄድ ለምታስቡ

ዘመድ ጥየቃ ወደ ቶሮንቶ የምትሄዱ ቤተሰቦች ካላችሁ፣ በሥራ ቀን ረፋድ ላይ መሄዱ ይመረጣል። አብዛኞቹ ሱቆች ወደ ማታ ይዘጋሉ፤ ቅዳሜና እሑድም ብዙዎቹ አይከፈቱም። በምሳ ሰዓት ሰው ስለሚተራመስ ከሕፃናት ጋር ከሆናችሁ ያንን ሰዓት አሳልፉት። ልጆቻችሁን ብንጠፋፋ የት እንገናኝ የሚለውን አስቀድማችሁ በባቡር ጣቢያ ስም ንገሯቸው። አረጋዊ ወይም ጋሪ ካላችሁ የአሳንሰሩን ቦታ ከመነሻችሁ ጠይቁ። ፀሐይ ስለማትታይ የሶላትን ሰዓት በእጅ ሰዓታችሁ ተከታተሉ፤ ከሰሜኑ ጫፍ ወጥቶ በዳንዳስ ጎዳና ወደ ምዕራብ ጥቂት ለተራመደ ሰው የቶሮንቶ መስጂድ ቅርብ ነው።

ይህን ሥራ ስናይ የሰው ልጅ ብልሃት ያስደንቃል። ብርድን ያህል ጠላት በድንጋይና በመብራት ማሸነፍ ቀላል ነገር አይደለም፤ ከ100 ዓመት በላይ ወስዷል። ነገር ግን ዋሻ መቆፈር የመሐንዲስ ሥራ ነው፤ በሩ ለማን ይከፈታል የሚለው ደግሞ የባለቤቶቹ፣ የከተማው አስተዳደርና በየቀኑ የምናልፈው የሁላችንም ነው። እህታችን በማግስቱ ወደ ሥራ ስትሄድ አዲስ መስመር እንደምትሞክር ነገረችን። ካሁን በኋላ በየጥጉ የተቀመጠውን ሰው ሳታይ እንደማታልፍም አባቷ ፊት ቃል ገባች።