የቡና ዘር እንደ ጤፍ አይገዛም

ቡና ለዚህ ገጽ አንባቢ ኩንታል ነው፣ ዋጋ ነው፣ የውጭ ምንዛሪ ነው። የሞቃት አገር ተክል መሆኑ፣ ነጭ አበባው በመዓዛው ቤት የሚሞላ መሆኑ፣ ከአንድ ፍሬ ተነስቶም በቆርቆሮ ጣሳ ውስጥ በመኖሪያ ቤት ሊያድግ መቻሉ ብዙም አይታሰብም። በመዘዞና በመሳሰሉት የሰሜን ሸዋ ደጋ ከተሞች የሚኖር ሰው "ለበረንዳዬ አንድ እግር ቡና ላብቅል" ቢል ዘሩን የሚያገኘው ከገበያ ነው። ገበያው የሚያቀርብለት ደግሞ ለመጠጥ የተዘጋጀውን ቡና ነው። ሰውየው ይዘራዋል፣ ሁለት ወር ውኃ ያጠጣዋል፣ አይበቅልም። በመጨረሻም "አገሩ ደጋ ነው፤ ቡና አይወድም" ብሎ ይተወዋል። ይሁን እንጂ ጥፋቱ ከአየሩ በፊት የሚጀምረው ብዙውን ጊዜ ከግዢው ነው።

ነጋዴ ዘር ሲባል የሚመጣለት ጤፍና ስንዴ ነው። እነዚህ በደንብ ደርቀው ጎተራ ከገቡ ዓመት ቢቆዩም ይበቅላሉ፤ እንዲያውም ድርቀቱ ይጠብቃቸዋል። የቡና ዘር ጠባይ ግን የተለየ ነው። ሲደርቅ ይጎዳል፣ በተራ ክፍል ውስጥ ሲቀመጥ ይሞታል። ከተለቀመ በኋላ ባሉት ሁለትና ሦስት ወራት በደንብ ይበቅላል፤ ከዚያ እያሽቆለቆለ ይሄዳል፣ ስድስት ወር ካለፈው የሚተርፈው ጥቂት ነው። ስለዚህ የቡና ዘር ከእህል ይልቅ ወደ ቲማቲም ይቀርባል፤ የሚበላሽ ሸቀጥ ነው ማለት ነው። ለሻጩ መቅረብ ያለበት የመጀመሪያ ጥያቄም "መቼ ተለቀመ?" የሚለው ነው። "ስንት ነው?" ከዚያ በኋላ ይመጣል።

መዘዞ ይህን ትምህርት በሌላ ሸቀጥ ታውቀዋለች። እ.ኤ.አ. ከ1990ዎቹ መጀመሪያ አንስቶ ከዚህ አካባቢ የወጣው ኦፓል በዓለም የከበረ ድንጋይ ገበያ የተጠራው በመዘዞ ስም ነበር። ድንጋዩ በውስጡ ውኃ ስለሚይዝ፣ አብዛኛው ከወጣ በኋላ ሲደርቅ እየተሰነጠቀ ገዢዎችን አስመርሯል። ኦፓሉ ቢያንስ ስንጥቁን ያሳያል። የቡና ዘር ሲሞት ግን መልኩ አይለወጥም። የሞተውና ያለው ፍሬ ጎን ለጎን ቢቀመጡ ደላላም ገዢም አይለያቸውም።

ሒሳቡን ለማሳየት ያህል ቁጥር እንስጠው። አንዱ ሻጭ ትኩስ ዘር ፍሬውን በ2 ብር፣ ሌላው የከረመ ዘር ፍሬውን በ1 ብር ይሸጣሉ እንበል። ከመቶው ትኩስ ዘር 80 ቢበቅል አንዱ ችግኝ የወሰደው የዘር ዋጋ 2 ብር ከ50 ሳንቲም ነው። ከመቶው የከረመ ዘር 10 ቢበቅል አንዱ 10 ብር ያወጣል። ርካሹ አራት እጥፍ ተወደደ ማለት ነው። ለአፈሩ፣ ለላስቲኩና ለሁለት ወር ውኃ የወጣው ገና አልተጨመረም። ለችግኝ ነጋዴ ደግሞ ከሁሉ የሚከብደው ያመለጠው የተከላ ወቅት ነው።

እንግዲህ ዘሩን ከየት ማግኘት ይቻላል? ቡና ከባሕር ወለል በላይ ከ1,500 እስከ 2,000 ሜትር ገደማ ያለው ከፍታ ይስማማዋል። ከጣርማ በር ቁልቁል ወደ ይፋት የሚወስደው መንገድ ከ3,000 ሜትር በላይ ተነስቶ ሸዋ ሮቢት ሲደርስ ወደ 1,300 ሜትር ስለሚወርድ ይህን ከፍታ ያቋርጣል። የሚፈለገው በደንብ የቀላ እሸት ቡና ነው፤ ጊዜውም በአመዛኙ ከጥቅምት እስከ ታኅሣሥ ነው። ዕድሜው የበሰለና ጤነኛ ግንድ መርጦ፣ ከመካከለኛ ቅርንጫፎች በእጅ መልቀም ይሻላል።

እዚህ ላይ የአረቢካ ቡና አንድ ደግ ጠባይ አለው። አበባው በአብዛኛው ራሱን በራሱ ስለሚያዳቅል ልጁ እናቱን ይመስላል። ፓፓያ የዘራ ሰው ግማሹ ወንድ ሆኖበት ፍሬ አልባ ግንድ ሲቀልብ ሊኖር ይችላል፤ ቡና የዘራ ግን ይህ ስጋት የለበትም፣ አንድ ግንድ ብቻውን ያፈራል። በአንጻሩ የእናቲቱ ድክመትም አብሮ ይወረሳል። በተለይ ፍሬውን ገና በእንጨቱ ላይ እያለ አጥቁሮ የሚያደርቀው ሲቢዲ የተባለው በሽታ እ.ኤ.አ. በ1971 በኢትዮጵያ ከታየ ወዲህ የእናት ዛፍ ምርጫ ቀልድ አይደለም። በሽታው የሚበረታው ቅዝቃዜና እርጥበት ባለው ከፍታ በመሆኑ ለሸዋ ተዳፋት ጉዳዩ ቅርብ ነው። በጅማ የምርምር ማዕከል አማካይነት ተመርጠው እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ መጨረሻ የተለቀቁት እንደ 74110 እና 74112 ያሉት ዝርያዎች ይህን በሽታ ስለሚቋቋሙ ነው ስማቸው የገነነው። ቁጥሩ የሎተሪ ዕጣ ቢመስልም መነሻው 74 ዝርያዎቹ የተመረጡበትን እ.ኤ.አ. 1974ን ያመለክታል።

አዘገጃጀቱ ቀላል ነው። ሥጋው በጣት ይጨመቃል፣ የሚያሙለጨልጨው ፈሳሽ በውኃ ታጥቦ ይለቃል። የሚንሳፈፈው ይጣላል። የሰመጠው ነፋስ በሚያገኘው ጥላ ሥር ተሰጥቶ ላዩ ብቻ ይጠፈፍ፤ ፀሐይ ላይ የሚያሰጣ ሰው ዘሩን ለጀበና እያዘጋጀው ነው። በሚዘራበት ቀን ቀጭኑ ደረቅ ቅርፊት በእጅ ይነሳለታል፣ ከዚያም ለአንድ ቀን ለብ ባለ ውኃ ይዘፈዘፋል። ሁለት እጅ ለም አፈር፣ አንድ እጅ የበሰለ ፍግ፣ አንድ እጅ አሸዋ ተደባልቆ ሥሩ በተበሳ ጣሳ ወይም ላስቲክ ይሞላል። ዘሩ መስመር ያለበት ጠፍጣፋ ጎኑ ወደ ታች ሆኖ አንድ ሴንቲ ሜትር ያህል ይቀበራል። ከዚያ በላይ ጠልቆ የተቀበረ ጉልበቱን ጨርሶ ይቀራል።

ሙቀቱ ከ25 እስከ 30 ዲግሪ ከሆነ ከአራት እስከ ስድስት ሳምንት ባለው ጊዜ ዘሩን በራሱ ላይ የተሸከመ፣ የክብሪት እንጨት የሚመስል ቀንበጥ ብቅ ይላል። ቀጥሎ ሁለት ክብ ቅጠሎች እንደ ቢራቢሮ ክንፍ ይዘረጋሉ። ወደ ሌላ ዕቃ ማዛወር ካስፈለገ ጊዜው ይህ ነው፤ ዋናው ሥር እንዳይታጠፍ መጠንቀቅ ብቻ ያስፈልጋል። ሥሩ የታጠፈ ችግኝ ለጊዜው ያማረ ይመስላል፣ ከዓመታት በኋላ ግን ባለቤቱን ያሳፍራል።

የመዘዞ ችግር እዚህ ላይ ይመጣል። ትኩሱ ዘር የሚገኝበት ኅዳርና ታኅሣሥ በደጋው ውርጭ የሚወርድበት ወቅት ነው። አየሩ እስኪሞቅ ቢጠበቅ ዘሩ ያረጃል፣ ወዲያው ቢዘራ ይበርደዋል። ለአንድ ሁለት ጣሳ መላ አይጠፋም። ጣሳውን በነጭ ላስቲክ ሸፍኖ ቀን ፀሐይ በሚገባበት መስኮት ሥር፣ ማታ ከማዕድ ቤቱ ምድጃ ክንድ ያህል ራቅ አድርጎ ማሳደር ይበቃል። አፈሩ ይርጠብ እንጂ ውኃ አይቋጥር። ችግኙ ካደገ በኋላም የጠዋት ፀሐይ ይበቃዋል፤ ማታ ማታ ወደ ቤት መግባት አለበት። ውርጭ አንድ ሌሊት ቢያገኘው ቅጠሉ ይጠቁራል።

ይህ ዘዴ አዲስ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1706 ከጃቫ አምስተርዳም የደረሰ የቡና ችግኝ በመስታወት ቤት ውስጥ አድጎ አብቦ አፍርቷል። ከዘሩ የበቀለ አንድ ችግኝ በ1714 ለፈረንሳዩ ንጉሥ ለሉዊ 14ኛ ተሰጠ። ከፓሪሱ የንጉሥ አትክልት ሥፍራ አንድ ችግኝ ወደ ካሪቢያኗ ማርቲኒክ በ1720ዎቹ መጀመሪያ የወሰደው ጋብሪዬል ደ ክሊዩ የተባለ የባሕር ኃይል መኮንን ነው። ዛሬ በገበያ የሚፎካከረን የላቲን አሜሪካ ቡና አንዱ ሐረግ ከእነዚህ በብርድ አገር በጣሳ ካደጉ ችግኞች ይመዘዛል። የሁሉም መነሻ ዘር የኢትዮጵያ መሆኑን መጨመር አያስፈልግም።

የጣሳው ቡና አበባ የሚያሳየው በሦስተኛው ወይም በአራተኛው ዓመት ነው። ለማበብ ጥቂት መጠማት ይፈልጋል፤ ከደረቅ ወቅት በኋላ ዝናብ ወይም ደህና ውኃ ሲያገኝ ከሳምንት እስከ ዐሥር ቀን ገደማ ባለው ጊዜ በአንድነት ይፈነዳል፣ በጥቂት ቀናትም ይረግፋል። ፍሬው እስኪቀላ ሰባት ስምንት ወር ይቆያል።

በመዘዞ ለሽያጭ የቡና ችግኝ ጣቢያ ልክፈት ለሚል ባለሀብት ግን ይህ ጸሐፊ አይመክርም። የሙቀቱ ወጪ ብቻ ትርፉን ይበላዋል። ችግኙ የሚተከለውም ቁልቁል በመሆኑ እዚያው ማፍላት የማጓጓዣ ወጪን ይቀንሳል። ይልቅ ሌላ የሚታሰብ ነገር አለ። ቅርፊቱ ያልተነሳለት፣ እርጥበቱ 40 በመቶ ገደማ የሆነ የአረቢካ ዘር አየር በማያስገባ ላስቲክ ታስሮ በ15 ዲግሪ ገደማ ቢቀመጥ ከዓመት በላይ የመብቀል ኃይሉን እንደሚይዝ በምርምር ተረጋግጧል። ቆላው ይህን ቅዝቃዜ የሚያገኘው በኤሌክትሪክ ነው፤ የደጋ ቤት ውስጠኛ ክፍል ግን ለዚህ መጠን ይቀርባል። ለችግኝ ጠላት የሆነው ብርድ ለዘር መጋዘን አንጻራዊ ብልጫ ይሆናል። መጠኑም ብዙ ቦታ አይጠይቅም፤ አንድ ኪሎ ዘር ከ3,000 ፍሬ በላይ ይይዛል፣ በሁለት ሜትር ርቀት የሚተከል አንድ ሄክታር የሚፈልገው 2,500 እግር ነው። ክፍሉ ከ10 ዲግሪ በታች እንዳይወርድና ዘሩ እንዳይሻግት ቴርሞ ሜትርና ተደጋጋሚ ቁጥጥር ያስፈልጋል። ለንግድ ከሆነ ደግሞ የዘር ሥራ የብቃት ማረጋገጫ እንደሚጠየቅበት መዘንጋት የለበትም።

በውጭ አገር ለሚኖሩ ዘመዶች ጥቂት ፍሬ በፖስታ ለመላክ ላሰቡም አንድ ማሳሰቢያ አለ። የተቆላ ቡና መላክና የሚበቅል ዘር መላክ አንድ አይደሉም። በዐዋጅ ቁጥር 482/1998 መሠረት የአገሪቱን የዘር ሀብት ከአገር ለማውጣት ፈቃድ ያስፈልጋል፤ ጥያቄው የሚቀርበውም ለኢትዮጵያ ብዝኃ ሕይወት ኢንስቲትዩት ነው።