ቤቱን አስይዞ ፊልም የሠራው ዋካማትሱ

የጃፓን ሲኒማ ቤቶች እ.ኤ.አ. በ1958 ከ1 ቢሊዮን 100 ሚሊዮን በላይ ትኬት ሸጠው ነበር። ቴሌቪዥን በየቤቱ ሲገባ ግን ሽያጩ በአምስት ዓመት ውስጥ ከግማሽ በታች ወረደ። ትልልቆቹ ስቱዲዮዎች ሲንገዳገዱ፣ ወንበራቸው ባዶ የቀረባቸው ሲኒማ ቤቶች ርካሽ ፊልም ማፈላለግ ያዙ። ክፍተቱን የሞሉት ትንንሽ ኩባንያዎች ናቸው። ሸቀጣቸውም ቴሌቪዥን ሊያሳየው የማይደፍረው፣ ለአዋቂዎች ብቻ የሚቀርብ የወሲብ ፊልም ነበር። ጃፓኖች «ፒንክ» ይሉታል።

ሒሳቡ ቀላል ነው። ለአንድ ፊልም የሚመደበው 3 ሚሊዮን የን ገደማ ሲሆን፣ ርዝመቱ አንድ ሰዓት ያህል፣ ቀረጻውም በጥቂት ቀናት የሚያልቅ ነው። ሲኒማ ቤቱ ሦስት ፊልም በአንድ ትኬት ያሳያል። ዳይሬክተሩ በየተወሰነ ደቂቃው የአልጋ ትዕይንት እስካስገባ ድረስ በቀረው ጊዜ ምን እንደሚያወራ የሚጠይቀው አልነበረም። ኮጂ ዋካማትሱ የገባው በዚህች ቀዳዳ ነው።

ዋካማትሱ በ1936 በሰሜን ጃፓን፣ በሚያጊ ተወለደ። ትምህርቱን አቋርጦ ቶኪዮ ገባ፤ የቀን ሠራተኛ ሆነ፣ ከወሮበሎች ጋር ዋለ፣ ታሠረም። የመጀመሪያ ፊልሙን በ1963 ሠራ። ከሁለት ዓመት በኋላ አንዱ ሥራው በበርሊን ፌስቲቫል ሲታይ በአገሩ «የአገር ውርደት» ተባለ። ሌላውን ሰው ከገበያ ያስወጣው ነበር፤ እሱ ግን በዚያው ዓመት የራሱን ኩባንያ አቋቋመ።

በወጪ በኩል ቆጣቢ ነበር። ባለቀለም ፊልም ውድ በመሆኑ አብዛኛውን በጥቁርና ነጭ ቀርጾ ቀለሙን ለጥቂት ትዕይንቶች ያስቀራል። በ1969 የሠራውን አንድ ፊልም ከሞላ ጎደል በአንድ ሕንፃ ጣሪያ ላይ ጨርሶታል። ዘመኑ የተማሪዎች ዓመፅ ዘመን ነበርና በወሲብ ፊልም ሽፋን ፖለቲካ ይሸጥ ነበር፤ ከገዢዎቹም መካከል ተማሪዎቹ ነበሩበት።

በ1971 ትልቁ ስቱዲዮ ኒካትሱ ራሱ ወደዚህ ገበያ ገባ፤ እስከ 1988ም ቆየበት። ዋካማትሱ ግን ሌላም በር አንኳኳ። ናጊሳ ኦሺማ በ1976 ያወጣውን አነጋጋሪ ፊልም ሲሠራ፣ በጃፓን በኩል የሥራው ኃላፊ ዋካማትሱ ነበር። ገንዘቡም ጥሬ ፊልሙም ከፈረንሳይ መጣ፤ ቀረጻው ጃፓን ተካሂዶ እጥበቱ ፈረንሳይ ተደረገ። የጃፓንን የብልግና ሕግ ለማምለጥ የተቀየሰ መንገድ ነው። ነጋዴ ቢሆን ትራንዚት ይለው ነበር።

በ1983 ደግሞ ናጎያ ከተማ ውስጥ 51 ወንበር ያላት የራሱን ሲኒማ ቤት ከፈተ። አከፋፋይ ፊቱን ቢያዞርበት እንኳ ፊልሙ የሚታይበት ቦታ አያጣም ማለት ነው።

ትልቁ ቁማር የመጣው በሰባ ዓመቱ ነው። በ1972 የግራ ታጣቂዎች ተራራ ላይ ባለ ማረፊያ ቤት መሽገው ከፖሊስ ጋር የተታኮሱበትን ታሪክ ሊሠራ ተነሣ። ዋካማትሱ ቤቱን አስይዞ ተበደረ። ለተኩሱ ትዕይንት የሚሆን ቤት ሲያስፈልግም የገዛ የገጠር ቤቱን አቅርቦ በካሜራ ፊት አስፈረሰው። ፊልሙ በ2007 ወጣ፤ ከሦስት ሰዓት በላይ ይረዝማል። እዳ ተሸክሞ እንዲህ ያለ ርዝመት መምረጥ ለባንክ ሠራተኛ የሚገባ ነገር አይደለም። በ2010 ባወጣው «አባጨጓሬ» ግን ተዋናይቱ ሺኖቡ ቴራጂማ በበርሊን ሽልማት ወሰደች፤ በዚያው ፌስቲቫል ከተወገዘ ከ45 ዓመት በኋላ መሆኑ ነው።

ጥቅምት 2012 (እ.ኤ.አ.) ቶኪዮ ውስጥ ታክሲ ገጭቶት በ76 ዓመቱ ሞተ። ወደ ቤቱ ሲመለስ የነበረው ከሚቀጥለው ፊልሙ የበጀት ስብሰባ ነበር።